መሰላሉ የት ነበር?

«እጃችሁ በትክክል ቢሠራም ልባችሁ ከሌለበት እንክብካቤ አይባልም፤ በደል ነው።»

ይህን የተናገረችው በሜሪላንድ አንድ የሆም ኬር ኤጀንሲ ለሠራተኞቹ ባዘጋጀው ስልጠና ላይ የቆመች አሰልጣኝ ናት። እኔ አንዲት ዘመዴን አጅቤ ከኋላ ተቀምጬ ነበር። ከአሰልጣኟ ፊት የነበሩት አብዛኞቹ የአገራችን ሴቶች ናቸው። ገሚሶቹ ከሌሊት ሺፍት በቀጥታ የመጡ ሲሆኑ ጫማቸውን ከጠረጴዛ ሥር አውልቀው ያበጠ እግራቸውን ወለሉ ላይ አሳርፈዋል። አሰልጣኟ ለአባባሏ ማስረጃ ማይክል ስሎት የተባለውን የሥነ ምግባር ፈላስፋ ጠቀሰች፤ ሐሳቡ በአጭሩ የተጻፈበት ወረቀትም አደለች። ሴቶቹ አንገታቸውን ደፍተው ጻፉ። እኔ ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልኩም። ፈላስፋውን አጣማ ጠቅሳው ቢሆን ኖሮ ነገሩ ቀላል ነበር፤ አላጣመመችውም። ስሎት የሚለው ይህንኑ ነው።

አንባቢ የስሎትን ስም ባያውቅ እንኳ ሐሳቡን በየስልጠናውና በየስብሰባው ሰምቶታል። ለረጅም ዓመታት በሜሪላንድ ዩኒቨርሲቲ አስተምሮ በኋላ ወደ ማያሚ ዩኒቨርሲቲ የሄደ፣ የመልካም ባሕርይን ፍልስፍና ከአርስቶትል ይልቅ ከዴቪድ ሂዩምና ከፍራንሲስ ሀቺሰን ስሜት ጋር ያዛመደ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ2001 ባሳተመው መጽሐፍ የአንድ ድርጊት ደግነትም ሆነ ክፋት የሚመዘነው አድራጊውን በገፋፋው ውስጣዊ ስሜት እንደሆነ ተከራከረ። በ2007 ስለ እንክብካቤና ስለ ኤምፓቲ፣ ማለትም የሌላውን ሕመም እንደራስ ስለ መሰማት፣ በጻፈው መጽሐፍ ደግሞ መስፈርቱን አጠበቀው። በዚያ መሠረት ድርጊት ስህተት የሚሆነው አድራጊው ከዳበረ ኤምፓቲ የሚመነጭ አሳቢነት እንደጎደለው ሲያሳይ ነው። በቃ። ሚዛኑ በሙሉ ያለው በአድራጊው ደረት ውስጥ ነው። አልጋው ላይ የተኛችው ሰው የት ገባች?

እስቲ ወደ አልጋው እንቅረብ። ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ነው። ስትሮክ ግማሽ አካላቸውን የወሰደባቸው አንዲት እናት ተኝተዋል፤ ራሳቸውን ችለው ጎናቸውን መቀየር አይችሉም። በየሁለት ሰዓቱ የሚያገላብጣቸው ሰው ያስፈልጋል። ተንከባካቢዋ ከሥራቸው የተነጠፈውን አጭር አንሶላ ጠርዙን ጠቅልላ ትይዝና ቆዳቸው ከፍራሹ ጋር ሳይፋተግ ወደ ጎን ታዞራቸዋለች። ከጀርባቸው ትራስ ትደግፋለች፤ ሌላ ትራስ ከባታቸው ሥር ታስገባና ተረከዛቸው ምንም ሳይነካ እንዲንጠለጠል ታደርጋለች። በስልኳ መብራት የጭራ አጥንታቸው ላይ ያለውን ቆዳ ታያለች። ቀልቶ ካገኘችው በጣቷ ጫን ታደርገዋለች። ጣቷን ስታነሳ ነጣ ብሎ ከተመለሰ ደህና ነው፤ እንደቀላ ከቀረ ቁስሉ ከውስጥ ጀምሯል። ጥቁር ቆዳ ላይ ደግሞ መቅላቱ በግልጽ ስለማይታይ በእጅ ጀርባ ሙቀቱን፣ በጣት ጥንካሬውን መለየት አለባት። ይህን የማታውቅ ሴት ስታዝን ብታድር፣ ብታለቅስም፣ ቁስሉ አፍ እስኪያወጣ ድረስ አታየውም።

በዚያ ሰዓት የተንከባካቢዋ ልብ ምን ይሰማዋል? ብዙ ጊዜ ምንም። ሁለተኛው ሥራዋ ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ይጀምራል። ሐሳቧ ያለው ቤት ኪራዩ ላይና አገር ቤት በተወችው ልጅ የትምህርት ቤት ክፍያ ላይ ነው። ምናልባትም እኚሁ እናት ቀን ላይ የቆዳዋን ቀለም ጠርተው ሰድበዋት ይሆናል፤ እንዲህ ያለው ነገር በዚህ ሥራ ውስጥ ብርቅ አይደለም። ልቧ ቢቀዘቅዝ ማን ይፈርድባታል? እጇ ግን ሰዓቱን ጠብቆ ሠርቷል፤ ሲነጋ እናቲቱ አንድም ቁስል የለባቸውም። በአሰልጣኟና በስሎት ሚዛን ግን ይህች ሴት ሌሊቱን በሙሉ ስትበድል አድራለች።

አጋነንክ የሚለኝ ካለ፣ ስሎት ከሄንሪ ሲጅዊክ ወስዶ የተከራከረበትን የዐቃቤ ሕግ ምሳሌ ይመልከት። ዐቃቤ ሕጉ ተከሳሹን ስለሚጠላው ይከሰዋል፤ ሰውየው ግን በእርግጥም መከሰስ ያለበት ነው፣ መክሰሱም የዐቃቤ ሕጉ ሥራ ነው። ስሎት፣ ክሱ ከክፋት ስለመነጨ ድርጊቱ ስህተት ነው ከማለት ወደኋላ አላለም። በመስፈርቱ መሠረት ደግሞ ክፋት መኖር የለበትም፤ የአሳቢነት መጉደል ብቻውን ይበቃል። ይህን ሕግ በመማሪያ ክፍል ውስጥ ስለ አንድ ምናባዊ ዐቃቤ ሕግ መናገር ምንም አያስከፍልም። በሰዓት እየተከፈላት ሌሊት የምትሠራ ሴት ፊት መናገር ግን ጭካኔ ነው። ድካሟን ወንጀል ያደርግባታል።

የስሎት ወዳጆች መልስ አላቸው። ከልቡ የሚያስብ ሰው የሚያስብለት ሰው ምን እንደሚያስፈልገው ለማወቅ ይጥራል፤ ስለዚህ እውቀቱ ከአሳቢነቱ ይከተላል ይላሉ። በየትኛው ሰዓቷ? ማን እየከፈላት? ቆዳን መለየት፣ በትክክል ማንሳት፣ መዋጥ ያቃተውን ሰው ሳያንቁ ማጉረስ አስተማሪ ይፈልጋል፤ ለመማሪያውም የሚከፈልበት ጊዜ ይፈልጋል። ያ ስልጠና ስለ ልብ ሲያወራ ዋለ፤ ስለ ተረከዝ አንድ ቃል አልተነገረበትም። ይባስ ብሎ፣ የምትችለውን ሁሉ ጥራ ሳይሳካላት የቀረች ሴት በስሎት ዘንድ ከሞራል ወቀሳ ነፃ ናት። ለእሷስ ነፃ ትውጣ፤ እኔም ከእሷ ጋር ጠብ የለኝም። ነገር ግን ሒሳቡ እዚያ ላይ ሲዘጋ ያላሠለጠናት፣ ብቻዋን ያሰማራት፣ ለሦስት ሕሙማን አንድ ሰው የመደበ ሁሉ አብሯት ነፃ ይወጣል። ቁስሉ የታማሚዋ ነው፤ በዳይ ግን የለም።

የእንክብካቤን ሥነ ምግባር መጀመሪያ ያነሱት ሴቶች እንዲህ አላሉም ነበር። ኔል ኖዲንግስ እ.ኤ.አ. በ1984 ስትጽፍ እንክብካቤ የሚሟላው ለተቀባዩ ሲደርሰውና እሱም ሲቀበለው ነው ብላለች። ጆአን ትሮንቶ በ1993 ነገሩን በአራት ደረጃ ከፈለችው። መጀመሪያ ችግሩን ማስተዋል አለ፣ ከዚያ ኃላፊነት መውሰድ፣ ከዚያ በእጅ መሥራት፣ በመጨረሻም የተቀባዩ ምላሽ። ባለሥልጣንና ባለገንዘብ ማስተዋሉንና ኃላፊነቱን ለራሱ ይይዛል፤ እጅ የሚያቆሽሸው ሥራ ለሴቶች፣ ለጥቁሮችና ለስደተኞች ይወርዳል። ቨርጂኒያ ሄልድ በ2006 ባሳተመችው መጽሐፍ እንክብካቤን የአንድ ሰው መልካም ባሕርይ አድርጎ ማየት በሰዎች መካከል ያለውን ግንኙነትና ሥራውን ይሰውራል ብላ ስሎትን ተከራክራዋለች። ስሎት ከእነዚህ ሁሉ የወሰደው ስሜቱን ነው። ላቡን፣ የሥራ ተዋረዱንና ደመወዙን እዚያው ተዋቸው።

የስሎት የእንክብካቤ መጽሐፍ በወጣበት በዚያው እ.ኤ.አ. በ2007 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት አንድ ፍርድ ሰጥቷል። ኤቭሊን ኮክ ጃማይካ ተወልዳ ኒውዮርክ ውስጥ ለሃያ ዓመታት ያህል አረጋውያንንና ሕሙማንን በየቤታቸው ስትንከባከብ የኖረች ሴት ናት። በሳምንት እስከ 70 ሰዓት ትሠራ ነበር፤ የኦቨርታይም ክፍያ ግን አይታሰብላትም። ኤጀንሲዋን ከሰሰች። በዚያ ዓመት በሰኔ ወር ዘጠኙም ዳኞች በአንድ ድምፅ ፈረዱባት። ነገሩ የጀመረው በ1974 ነው። ኮንግረስ የሠራተኛ ሕጉን ሲያሻሽል የቤት ሠራተኞችን በሕጉ ጥላ ሥር አስገብቶ፣ ከአረጋውያንና ከሕሙማን ጋር አብረው ለሚውሉ ሰዎች ግን በሩን ዘጋባቸው፤ ዝቅተኛ ደመወዝም ኦቨርታይምም አይመለከታቸውም ተባለ። የሠራተኛ ሚኒስቴር በኤጀንሲ የተቀጠሩትንም እዚያው ውስጥ ከተታቸው፤ ፍርድ ቤቱም ሚኒስቴሩ ይህን ለማድረግ ሥልጣን አለው አለ። ኮክ በ2009 አረፈች። ደንቡ የተለወጠው በ2013 ነው፣ በሥራ ላይ የዋለውም ከ2015 ጀምሮ።

ስሎት ያን ፍርድ ደግፏል አላልኩም፤ አልከሰውም። ሕጉና መጽሐፉ የቆሙበት መሠረት ግን አንድ ነው እላለሁ። ሁለቱም እንክብካቤን በመጀመሪያ ደረጃ የልብ ነገር ያደርጉታል፤ የልብ ነገር ከሆነ ደግሞ በሰዓት አይቆጠርም። ስሎት ስለ ሕግም ይናገራል። ሕግ ፍትሐዊ የሚሆነው አውጪዎቹ ለዜጎቻቸው ያላቸውን ኤምፓቲ ያለበት አሳቢነት ሲያንጸባርቅ ነው ይላል። እንግዲህ የ1974ቱን የኮንግረስ አባላት ደረት ከፍተን እንይ? ብዙዎቹ ለአረጋውያን ከልባቸው አዝነው ሊሆን ይችላል፤ ተንከባካቢ መቅጠር እንዳይወደድባቸው አስበው ሊሆን ይችላል። ያ ኀዘን የኮክን የሌሊት ሰዓት አልከፈለም። ኮክ የጠየቀችው የሕግ አውጪዎቹን ልብ አይደለም። የሠራችበትን ሰዓት ዋጋ ነው የጠየቀችው፤ የስሎት መጽሐፍ ለዚህ ጥያቄ ቦታ የለውም።

የእኛ ሰው ይህን ለመረዳት የአሜሪካን ፍርድ ቤት መዝገብ ማገላበጥ አያስፈልገውም። ስለ ቤት ሠራተኛ «እንደ ልጄ ነው የማያት» ሲባል ያልሰማ አበሻ የለም። ቤይሩት ላይ ማዳሟ ትለዋለች፤ አዲስ አበባ ላይ እኛው እንለዋለን። በብዙ ቤት ደግሞ እውነት ነው፤ ከልብ ነው የሚባለው፤ እኔን የሚያስጨንቀኝም ይኸው ከልብ መሆኑ ነው። ፓስፖርቷን መሳቢያ ውስጥ የቆለፈችባት ማዳም ልጅቷ ትኩሳት ሲይዛት ራሷ ሾርባ ሠርታ ልታጠጣት ትችላለች። በከፋላ ሥርዓት ግን የልጅቷ መኖሪያ ፈቃድ የተያዘው በአሠሪዋ ስም ነው፤ ያለ እሷ ፈቃድ ሥራ መቀየር አትችልም፤ ጥላ ከወጣችም ሕገ ወጥ ትሆናለች። እ.ኤ.አ. በሰኔ 2020 የሊባኖስ ገንዘብ ሲወድቅ አሠሪዎች ኢትዮጵያውያን ሠራተኞቻቸውን ከነሻንጣቸው ቤይሩት በሚገኘው የኢትዮጵያ ቆንስላ ደጃፍ እያወረዱ ሄዱ። ደመወዝ ያልተከፈላቸው፣ ፓስፖርታቸው ያልተመለሰላቸው ነበሩባቸው። አስፋልት ዳር ፍራሽ አንጥፈው አደሩ። ከአሠሪዎቹ መካከል እያለቀሰች መኪናዋን ያዞረች ብትኖር እንባዋ ለዚያች ልጅ ምኗ ነው? የልጅቷ ያልተከፈለ ደመወዝ የተከማቸው እንደ ልጅ በታየችበት ቤት ውስጥ ነው።

በስሎት ላይ ያለኝ ትልቁ ቅሬታ ግን የሩቅ ሰውን ጉዳይ በተመለከተ ነው። ፒተር ሲንገር እ.ኤ.አ. በ1972 ባሳተመው ዝነኛ ጽሑፍ፣ አጠገባችን ኩሬ ውስጥ የሚሰጥም ሕፃንና በሩቅ አገር በረሃብ የሚሞት ሕፃን በእኛ ላይ ያላቸው ዕዳ አንድ ነው አለ። ስሎት በ2007ቱ መጽሐፍ መለሰለት። ኤምፓቲ ዓይናችን ለሚያየው ሰው ይበረታል፣ ለማናየው ይላላል፤ ግዴታም ኤምፓቲን ስለሚከተል ፊት ለፊት ያለውን አለማዳን ሩቅ ያለውን ካለማዳን ይከፋል።

ይህን ሳነብ ወሎ ትዝ አለኝ። በ1965 ዓ.ም. ረሃቡ ሲጸና ገበሬው ከቀዬው ወጥቶ ዋናው የመኪና መንገድ ላይ ተሰልፎ አላፊውን እየለመነ ነበር። የዩኒቨርሲቲ መምህራንና ተማሪዎች ሄደው አይተው ፎቶግራፍ ይዘው ተመለሱ፤ አሳዩም። መንግሥት ነገሩን ሸፈነው። በጥቅምት 1966 ዓ.ም. ጆናታን ዲምብልቢ ያነሳው ፊልም በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታየና እርዳታው ጎረፈ። ያው ፊልም በመስከረም 1967 ዓ.ም. ንጉሡ ከሥልጣን በወረዱበት ዋዜማ ለአዲስ አበባ ሕዝብ ቀረበ። አሥር ዓመት አለፈና የእርዳታ ማስተባበሪያና ማቋቋሚያ ኮሚሽን ለለጋሾች ማስጠንቀቂያ ከሰጠ ከወራት በኋላ፣ በጥቅምት 1977 ዓ.ም. ሙሐመድ አሚን በካሜራው፣ ማይክል በርክ በዘገባው ኮረምን ለዓለም አሳዩ። ዓለም የነቃው ያኔ ነው።

በሁለቱም ጊዜ ኮረምና ደሴ ከለንደን የነበራቸው ርቀት አንድ ስንዝር አልተለወጠም። የተራበው ሰው ከፊልሙ በፊትም ያው የተራበ ሰው ነበር። የተለወጠው የተመልካቹ ዓይን ነው። በስሎት መሠረት ግን ከፊልሙ በፊት የላላው ግዴታ ከፊልሙ በኋላ ጠበቀ። ይህ ማለት ካሜራ የከለከለ ባለሥልጣን የሌላውን ሁሉ ግዴታ ቀነሰለት ማለት ነው። ፎቶግራፉን የሸሸገ ለአዲስ አበባ ነዋሪ ሸክሙን አቀለለለት ማለት ነው። አላየሁም የሚል ሰው ከዚህ የተሻለ ጠበቃ አያገኝም። እዚህ ላይ «የዳበረ ኤምፓቲ» የሚለው ቃል ይመዘዛል፤ በሚገባ የዳበረ ሰው ከካሜራ ውጪ ያለውንም ያስባል ይባላል። ታዲያ የዳበረውም ኤምፓቲ ከቅርብ ይልቅ ለሩቅ ይላላል ያለው ራሱ ስሎት አይደለም? በሁለቱም በኩል መቆም አይቻልም። ማየት የሚገባንን ሳናይ ስንቀር መውቀስ የሚችል ሚዛን ከማየታችን በፊት የነበረ መሆን አለበት፤ ያ ሚዛን ደግሞ ስሜታችን ሊሆን አይችልም።

የማዕድን ቆፋሪዎቹ ምሳሌ ደግሞ አለ። ስሎት እንዲህ ይላል፦ ማዕድን ማውጫ ተደርምሶ ሰዎች ተቀብረዋል። ያለው ገንዘብ ወይ እነሱን ለማውጣት ወይ ደግሞ ወደፊት ከእነሱ የሚበልጡ ሰዎችን ሕይወት የሚያድን የደኅንነት መሣሪያ ለመግጠም ነው የሚበቃው። ልባችን ወደ ተቀበሩት ያደላል፤ አደጋው አሁን ነውና ኤምፓቲያችን ለእነሱ ይነሳል፤ ሥነ ምግባሩም ልባችንን ይከተላል። በእርግጥ ይውጡ፤ እዚያው ይቅሩ ማንም አይልም። ነገር ግን ፈላስፋው ምሳሌውን የጀመረው ከተደረመሰ በኋላ ነው። እንክብካቤ የሚፈለግበት ሰዓት እኮ ከዚያ በፊት ነበር።

እ.ኤ.አ. ነሐሴ 5 ቀን 2010 በቺሌ አታካማ በረሃ የሚገኘው የሳን ሆሴ ማዕድን ማውጫ ተናደ። 33 ሰዎች 700 ሜትር ያህል ከመሬት በታች ቀሩ። በሕይወት መኖራቸው የታወቀው ከ17 ቀን በኋላ ነው፤ የወጡት ደግሞ በ69ኛው ቀን፣ ጥቅምት 13፣ በጠባብ የብረት ካፕሱል አንድ በአንድ እየተጎተቱ ነው። ዓለም በሙሉ ቴሌቪዥን ላይ ተተክሎ አለቀሰ፣ አጨበጨበ። እኔም አልቅሻለሁ፤ እንባው እውነተኛ ነበር። ነገር ግን ከእንባው በፊት የሆነውን ስሙ። ሰዎቹ በመጀመሪያ በአየር ማስገቢያው ጉድጓድ በኩል ለመውጣት ሞክረው ነበር። የደኅንነት ደንቡ በዚያ ጉድጓድ ውስጥ መሰላል እንዲኖር ያዝዝ ነበር። መሰላሉ አልነበረም። ማዕድን ማውጫው ቀደም ሲል በደረሰ የሞት አደጋ ተዘግቶ እንደገና እንዲሠራ የተፈቀደለት ነው። በ2013 የቺሌ ዐቃብያነ ሕግ ማንንም ሳይከሱ ምርመራውን ዘጉት።

መሰላል ሲገጠም የሚያለቅስ ሰው የለም። መሰላል ፊት የለውም፤ የሚያድነው ሰው ማን እንደሆነ፣ መቼ እንደሆነም አይታወቅም፤ ሚስቱ ካሜራ ፊት ቆማ ስሙን አትጠራም። መሰላል የሚገጠመው ተቆጣጣሪ ስለመጣ፣ በጀት ስለተያዘለት፣ ካልተገጠመ ቅጣት ስላለ ነው። የገጠመውም ሰው ምናልባት ስለ ምሳው እያሰበ ነው የሚገጥመው። ለእነዚያ 33 ሰዎች በዚያ ቀን ከዓለም እንባ ሁሉ የሚበልጠው እንክብካቤ ይህ ነበር፤ የስሎት ፍልስፍና ይህን እንክብካቤ ብሎ ሊጠራው አይችልም። ኤምፓቲ የሚነሳው ጉድጓዱ ከተደፈነ በኋላ ስለሆነ፣ ኤምፓቲን ዳኛ ያደረገ ሥነ ምግባር ሁልጊዜ ከናዳው በኋላ ነው የሚደርሰው። በአገራችን እንዲህ ያለው መሰላል በ1997 ዓ.ም. የተጀመረው ሴፍቲኔት ነው። ብዙ ጉድለት አለው፤ ክፍያው ይዘገያል፣ መዝገቡም ያጨቃጭቃል። ቢሆንም የምግብ እጥረቱ በየዓመቱ እንደሚመጣ የታወቀበትን ቤተሰብ ካሜራ እስኪመጣ ሳይጠብቅ መዝግቦ ለመርዳት የተቋቋመ ነው፤ ኮረም ላይ የጎደለው ይህ ነበር።

ተንከባካቢ ልብ አያስፈልጋትም አላልኩም። የተናደደች እጅ ታማሚን እንደምታሳምም ማንም ያውቃል፤ በሽተኛ ደግሞ ፊት ያነባል። ደስ ብሏት የምትሠራ ሴት ማግኘት መታደል ነው። ይህ ግን ከእንክብካቤ ጉዳዮች አንዱ ነው፤ ዳኛ አድርገን ስንሾመው የሚፈረድበት ሁልጊዜ ወለሉ ላይ እግሩን ያሳረፈው እንጂ ሺፍቱን የደለደለው አይደለም።

ኢቫ ኪታይ እ.ኤ.አ. በ1999 ባሳተመችው መጽሐፍ የጠየቀችው ጥያቄ ለእኔ ከስሎት መጽሐፍ ሁሉ ይበልጥብኛል። ኪታይ ከባድ የአእምሮ እድገት ጉዳት ያለባት ልጅ እናት ናት፤ ልጇን ለማሳደግ የሌሎች እጅ የግድ ያስፈለጋት ሴት ናት። የሚንከባከበውን ሰው ማን ይንከባከበዋል? ትላለች። መነሻዋም የወለደች ሴት ናት። እናት ሕፃኑን እንድታሳድግ እሷን የሚደግፍ ሌላ ሰው ያስፈልጋል፤ ለዚያም ሰው እንዲሁ። ኅብረተሰቡም ለእነዚህ ሁሉ ባለዕዳ ነው።

ይህን ለሐበሻ ማስረዳት አያሻም። ነፍሰ ጡር ወሯ ሲገባ የምትጠየቀው «ማን ያርስሻል?» ተብላ ነው። እናት ከአገር ቤት ትመጣለች። ገንፎውን ታገነፋለች፣ አጥሚቱን ታጠጣለች፣ አራሷን ታጥባለች፣ ሌሊት ሕፃኑን ተቀብላ ታባብላለች። ወገቧን እያመማት ሊሆን ይችላል፤ ከአማቿ ጋር ተቀያይማም ሊሆን ይችላል። ማንም ልቧን አይመረምርም፤ የሚጠየቀው አራሷ ጠነከረች ወይ፣ ወተቷ መጣ ወይ ነው። እናት ከሌለች ወይም ከደከመች ደግሞ ይህን ሁሉ የምታደርገው የቤት ሠራተኛ ናት። የኢትዮጵያ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 በግል ድርጅት ለተቀጠረችው አራስ ከመውለዷ በፊት 30፣ ከወለደች በኋላ 90 ቀን ከደመወዝ ጋር ፈቃድ ይሰጣታል። አጥሚቱን የምታማስለው ልጅ ግን ከዚህ አዋጅ ውጪ ናት፤ ለእሷ የሚኒስትሮች ምክር ቤት በደንብ ይወስናል ብሎ ያልፋታል። እሷ ራሷ ብታረግዝ ስንት ቀን እንደምታርፍ የሚናገር አንቀጽ በአዋጁ ውስጥ አታገኙም።